አክስቴ የተዉት ቡና

ንጋት 12 ሰዓት፣ ደብረ ታቦር

ሚኒባሱ ሞልቶ ተነሳ። ላሊበላ የምሄደው የእናቴን ታላቅ እህት፣ እትየ ዘውዴን፣ ልጠይቅ ነው። እናቴ ከሞተች ወዲህ የሚቆጣኝ ሰው እሳቸው ብቻ ናቸው። አምና ደውዬ ሲጃራ አቆምኩ ብያቸው ነበር። በሦስተኛው ሳምንት መልሼ ጀመርኩ፤ ያንን ግን አልነገርኳቸውም።

ረፋድ 3 ሰዓት፣ ፍላቂት

የገበያ ቀን ነው። ገብስ የጫኑ አህዮች መንገዱን ዘግተውታል፤ ብርዱ አጥንት ይሰብራል። ተሳፋሪው ሻይ ሲጠጣ እኔ ከመኪናው ጀርባ ቆሜ አጨሳለሁ። ሾፌሩ ጎማ ሊያይ ሲዞር አገኘኝ።

«ሊሳለሙ ነው ጋሼ?»

«አክስቴን ልጠይቅ ነው።»

«እንግዲህ እስከ ላሊበላ አላቆምም» አለኝ፣ እጄን እያየ።

በመጀመሪያው ጫፍ ሁለተኛውን ለኮስኩ። የአርባ ስድስት ዓመት ሰው ነኝ። ከዚያ ሱቅ ገብቼ ማስቲካ ገዛሁ።

ከቀኑ 7 ሰዓት፣ ላሊበላ

ባጃጁ ዳገቱን እያቃሰተ አወጣኝ። እትየ ዘውዴ ደጃፍ ቆመው ይጠብቁኛል። አገላብጠው ሲስሙኝ ትንፋሼን ያዝኩ።

ሽሮ ቀርቦ መብላት እንደጀመርን ጎረቤታቸው ቡና ደርሷል ብላ በአጥር ተጣራች። እንደማይመጡ ነገሯት። በቀን ሦስቴ ካልጠጡ ራሳቸውን የሚያማቸው ሴት ስለነበሩ ታመው እንደሆነ ጠየቅኋቸው።

«አቆምኩ ያልከኝ ቀን ተውኩት» አሉ። «ብቻውን ይከብደዋል፣ እኔም ሱሴን ልተውለት ብዬ ተሳልኩ። ወሩን ሙሉ ራሴን በሻሽ አስሬ ከረምኩ። እሱም እንዲህ እየሆነ ይሆናል እል ነበር።»

ዝም ብል ማንም አያውቅብኝም። እሳቸው ግን በእኔ ውሸት ሊኖሩ ነው።

«እትየ፣ ዋሽቼዎታለሁ። ዛሬም ፍላቂት ላይ አጭሻለሁ።»

ትሪውን ወደ ጎን ገፋ አደረጉት።

«በእኔ ምክንያት አይቸገሩ፣ ይጠጡ» አልኩ።

«የተሳልኩት ለእግዜር ነው» አሉ ቀስ ብለው። «እኔ እሱን እንዴት ልዋሸው?»

ነጠላቸውን አጣፍተው ወደ ቤተ ክርስቲያን ወጡ። ና አላሉኝም።

በሦስተኛው ቀን፣ ጠዋት

መናኸሪያ ድረስ ሸኙኝ። ሁለት ሌሊት አልተኛሁም። ሚኒባሱ ሊነሳ ሲል ወደ መስኮቱ ተጠጉ።

«አቆምክ ልበል?»

«ከትናንት ወዲያ ጀምሮ አላጨስኩም» አልኳቸው። ከዚያ በላይ የምናገርበት አፍ አልነበረኝም።