ባዶ ቤት ያስጠበቅኋቸው ሰው

ይህን ለንስሐ አባቴ እንኳ ነግሬ አላውቅም። ሸረሪት ገደልኩ ብዬ ብናዘዝ ይስቁብኛል ብዬ ነው። ኃጢአቴ ያ ብቻ ቢሆን ኖሮ እኔም እስቅ ነበር።

ዲላ ሁለተኛ ዲግሪዬን ስሠራ ጥናቴ መሬት ቆፍረው በሚኖሩ ሸረሪቶች ላይ ነበር። እርሻው ለልጅ፣ ለልጅ ልጅ እየተከፋፈለ ሲጠብ የት እንደሚተርፉ ማወቅ ፈልጌ ነበር። ኮንጋ በምትባል የገጠር ቀበሌ አቶ ቦሩ የሚባሉ ገበሬ እጄን ይዘው ከቡናቸው ዳር ወዳለ የአፈር ጉብታ ወሰዱኝ። በሣር ጫፍ ነካ ቢያደርጉት መሬቱ ተከፈተ። የሸረሪት ቤት ክብ ክዳን ነው፤ በድር ማጠፊያ የተያያዘ፣ ሲዘጋ ከአፈሩ የማይለይ። አፌን ከፍቼ ቀረሁ። እንደዚያ በር የሚገጥም አናጺ ዛሬም አላየሁም።

«እሷ ትልቅ ሰው ነው» አሉኝ፤ አማርኛ የአፍ መፍቻቸው አይደለም። «የመጀመሪያ ልጄ ሳይወለድ እዚህ አለ። እኔ ዶማ አላስነካም። አንተም አትቆፍርም፣ እሺ ልጄ?»

«እሺ አባባ፣ ቃሌ ነው» አልኩ።

ቃሌን ስንት ቀን ጠበቅሁት? ሦስት ቀን። ዝርያውን ለመለየት የሚያስፈልገኝ ወንዱ ነበር፤ ወንዱ ደግሞ ከዝናብ በኋላ ሴት ፍለጋ ራሱ ይወጣል። መታገሥ ብቻ ነበር የሚጠበቅብኝ። ይህን እያወቅሁ አቶ ቦሩ ገበያ በሄዱበት ቆፈርኩ። እኔ ነኝ የቆፈርኩት። ክንዴን የሚውጥ፣ ዙሪያውን በድር የተለበጠ ቤት ነበር። ስንት ዓመት የኖረችበትን በግማሽ ሰዓት አፈረስኩት። አልኮል ውስጥ ስከታት እግሮቿን ቀስ ብላ ሰበሰበች። ከዚያ የባሰውን አደረግሁ፤ አፈሩን መልሼ ደልድዬ ክዳኑን በቦታው ገጠምኩ። አፍሬ ነው? አይደለም። አቶ ቦሩ እንዳያባርሩኝ ነው።

ከዓመታት በኋላ አስተማሪ ሆኜ ተመለስኩ። አቶ ቦሩ መሬታቸውን ለሁለት ልጆቻቸው አካፍለዋል። ድንበሩ ቀጥ ብሎ ይወርድና ጉብታው ጋ ሲደርስ ይጎብጣል። ድንበር ማንም ስለማይቆፍር፣ እሷ እንዳትነካ ብለው ጉብታውን ድንበር አድርገውታል። ታናሹ ልጅ መሬቴ ጎደለ ብሎ አባቱን ካነጋገረ ቆይቷል። አባትና ልጅ በባዶ ጉድጓድ ተኳርፈዋል።

«ክዳኑን አልነካም፤ እሷ አርጅቷል፣ ይረፍ» አሉኝ አቶ ቦሩ። ቀጥለውም «አንተ ቃልህን የጠበቅህ ሰው ነህ። ለማንም ያላሳየሁትን ላሳይህ» ብለው ከእንሰቱ ጀርባ ወዳለ ገደል ወሰዱኝ። ከሃያ በላይ ክዳን ነበር፤ ትልቁ ቆርኪ፣ ትንሹ የምስር ፍሬ ያህላል። እግዚአብሔር እንዲህ ያለውን ነገር ከዶማ ሥር ደብቆ ያኖራል፣ የሚያሳየው ደግሞ ለእኔ ነው?

ያኔ መናገር ነበረብኝ። ብናገር ዳግም እንደማያሳዩኝ አሰብኩና ዝም አልኩ።

እናንተን ይቅርታ አልጠይቅም፤ ቃል የሰጠሁት ለእናንተ አይደለም። አቶ ቦሩ በሕይወት አሉ፣ ኮንጋም ሩቅ አይደለም። በየወሩ እየሄድኩ ክዳኖቹን እቆጥራለሁ። አቶ ቦሩ ታናሹ ልጃቸው ዛሬም እንዳኮረፈ ይነግሩኛል፤ እኔም አይዞዎት፣ ይመለሳል እላቸዋለሁ።