የዙበይዳ የታፈነ ሳቅ

ዙበይዳ ፖንቲያናክ ከተማ ውስጥ፣ ወንዙ ዳር፣ ሙዝ ጠብሳ ትሸጣለች። ዘይቱ እስኪግል እንኳ ቁጭ ማለት አይሆንላትም። ከተማው ሙዟን ያውቃል፤ ሳቋን ደግሞ፣ የማን እንደሆነ ሳያውቅ፣ ከሙዟ ይበልጥ ያውቀዋል።

አንድ የሬዲዮ ጣቢያ ለድራማው የኩንቲላናክን ሳቅ የምትስቅለት ሴት ሲፈልግ ነበር። ኩንቲላናክ ማለት በወሊድ የሞተችው፣ ነጭ ለባሿ፣ ፀጉሯን ለቃ የሰው አንጀት የምትፈልገው መንፈስ ናት። ሙዝ ሊገዛ የመጣ የጣቢያው ሠራተኛ ዙበይዳ በሰው ሐሜት ስትስቅ ሰማና ሙዙን ጥሎ ሮጠ፤ ሲመለስ መቅረጫ ይዞ ነበር። ከዚያ ወዲህ ሳቋ የስልክ መጥሪያ ሁሉ ሆነ።

አሁን ልጇ ሐፍሳ ልትታጭ ነው። የሚያጫት ልጅ እናት ማክ ሮሃና ደግሞ በዚያ ድራማ የተነሳ ሬዲዮዋን ከቤት ያስወጣች ናት አሉ።

«እማዬ፣ እስኪሄዱ ብቻ ዋጥ አድርጊው» ብላ ለመነቻት ሐፍሳ።

«ደግሞ ምን ሊያስቀኝ» አለች ዙበይዳ፤ ከንፈሯ ግን ከወዲሁ አላርፍ ብሏል።

እንግዶቹ ከቀትር በኋላ መጡ። ዙበይዳ ሰላም ብላ ጓዳ ገባች፤ ወጣች፤ ገባች፤ የደረደረችውን ሰሃን እንደገና ደረደረች። ሳሎን ውስጥ የልጁ አጎት ጉሮሮውን ጠርጎ የጋብቻ ጥያቄውን ግጥም ጀመረ። በግጥሙ በወንዙ ሄደ፣ በጀልባው ዞረ፣ መጨረሻ ላይ ድምፁን ከፍ አድርጎ የዚህን ቤት አበባ በስሟ ጠየቀ፦ ሱሚያቲን። ሱሚያቲ ጥላው እብስ ያለች የገዛ ሚስቱ እንደሆነች ሰፈሩ በሙሉ ያውቃል።

ዙበይዳ የሻሿን ጫፍ አፏ ውስጥ ጠቀጠቀች። ሳቁ በአፍንጫዋ ሾለከ፤ ቅጥን ያለ፣ ከወንዙ ማዶ የመጣ የሚመስል።

ማክ ሮሃና ክው አለች። ኩንቲላናክ ጮክ ብላ ከሳቀች ሩቅ ናት፤ ድምፅዋ ከቀጠነ ግን ጀርባህ ላይ ናት። ይህን የማያውቅ እዚያ አገር የለም። ሴትዮዋ ለጥያቄው ያመጣችውን፣ የሚታኘክ ቅጠል የያዘ የናስ ሳጥን ደረቷ ላይ አቅፋ ተነሳች። ሳጥኑ ሳይከፈት ከበር ከወጣ ደግሞ ጥያቄው ፈረሰ ማለት ነው።

ዙበይዳ በመጋረጃው ስንጥቅ የልጇን ፊት አየች፤ አመድ መስሏል። ዝም ብትል እንግዶቹ መሄዳቸው ነው። ብትወጣ ጉዷ ይወጣል። ሻሿን ከአፏ መዘዘች፣ የሙዙን ሰሃን አነሳች፣ ወጥታም ልክ እንደ ሬዲዮው ቆርቆሮው እስኪንቀጠቀጥ ሳቀች።

«አንቺ ነሽ?» አለች ማክ ሮሃና፤ አክብሮቱም ጠፍቷት።

«እኔው ነኝ። ይኸው ጮክ አልኩ፣ ሩቅ ነኝ ማለት ነው። ይቀመጡ፣ ሙዙ ሳይቀዘቅዝ።»

ማክ ሮሃና የዙበይዳን እግር አተኩራ አየች፤ የመንፈስ እግር መሬት አይነካም ይባላል፤ የእሷ ግን ወለሉን ረግጧል።

«በልጅሽ ምን አለብኝ» አለች በመጨረሻ። «ግን ቀስ ብለሽ የሳቅሽ ቀን ልጄን ይዤ እሄዳለሁ።»

ሳጥኑን ከፈተችው። ከዚያ በፊት ግን ምንጣፉ ላይ ተቀምጣ ፈቀቅ ፈቀቅ ብላ፣ ጀርባዋን ከግድግዳው ጋር አጣበቀች።