ሰማያዊው ጋወን

አክስቴን፣ ነፍሷን ይማርና፣ ሳስባት ቀድሞ ዓይኔ ላይ የሚመጣው ሰማያዊ ጋወኗ ነው። የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው ሠራተኞች ሥራ ሲያበቃ ጋወናቸውን አውልቀው ይወጣሉ። እሷ ግን በዚያ የድሬ ሙቀት እንደለበሰችው ቤት ትደርስ ነበር። ገና ከደረቁ ወንዝ ማዶ እጅጌዋን ከፍ አድርጋ ታውለበልብልናለች። ዛሬም አላባረሩኝም ማለቷ ነው።

ጆሮዋ አይሰማም። አዲስ የተሾመው የፈረቃ ኃላፊ በስብሰባ ላይ፣ «ሳይረን የማትሰማ ሠራተኛ ለራሷም ለጓዶቿም አደጋ ናት» አለ። አጠገቧ የምትሠራው ፋጡማ ብድግ አለች።

«አቦ፣ እኔ እሰማላታለሁ! ሲጮህ ትከሻዋን ነካ አደርጋታለሁ። ይኼ ምኑ ይከብዳል?»

ሰውዬው «እናያለን» አለ። በዚያ በደርግ ዘመን ከኃላፊ አፍ የወጣ «እናያለን» እንቅልፍ ይነሳል። ዓመታት አለፉ፤ ቃሉን ግን አልሻረልንም። የመውጫው ሳይረን በጮኸ ቁጥር ወንዙ ዳር እሮጣለሁ፤ ከሚሻገረው ሰው መሀል ሰማያዊ እፈልጋለሁ።

ጋወኑን ያወለቀችው ስትታመም ነው። አላባረሯትም፤ ሕመሙ ቀደማቸው።

በለቅሶው ፋጡማ ምንጣፉ ላይ ከእኛ ጋር ተቀምጣ ስለ እሷ እያወራች ሳለ ሳይረኑ ጮኸ። ወሬዋን ሳታቋርጥ፣ እንደ ልማዷ፣ ትከሻ ልትነካ እጇን ወደ ጎን ዘረጋች።

እጇ እዚያው አየር ላይ ቀረ።