እናቴ በታ ኬኦ ደረጃ ላይ

መነሻ

ዳላስ የምንኖር ሐበሾች ቫኬሽን ስንወጣ አገር ቤት እንሄዳለን፤ አገር ቤት ያልሄደ ኢየሩሳሌም ይሄዳል። ይህን ሕግ ማን እንዳወጣው አይታወቅም፣ ግን የሚጥሰው የለም። እናቴን ይዤ ካምቦዲያ ልሄድ ነው ብዬ ሳወራ፣ ኤርፖርት አብሮኝ ሻንጣ የሚጭነው ጓደኛዬ «ምን ጠፋባችሁ?» አለኝ። ምንም አልጠፋብንም። የጥንት ክሜሮች የሠሯቸውን ቤተ መቅደሶች ልናይ ነው፤ የራሳችንን አስጎብኚና የራሳችንን መኪና ይዘን፣ እንደማንኛውም ፈረንጅ። ለምን ለሚለኝ ሁሉ መልሴ «ለምን አይሆንም?» ነበር።

ሐሳቡ የእናቴ ነው። እናቴ ወይዘሮ ዘውዲቱ ሰባ ዓመት አልፏታል። የላስታ ሰው ናት፤ ላሊበላ ተወልዳ እዚያው ነው ያደገችው። አሁን ዳላስ፣ ቪከሪ ሜዶ የሚባል ሰፈር ውስጥ፣ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ባለች አንድ መኝታ አፓርትመንት ብቻዋን ትኖራለች። ጎረቤቷ ካምቦዲያዊት ናት። ሁለቱም እንግሊዝኛ አይሆንላቸውም፣ ቃሪያና ሎሚ እየተሰጣጡ ግን ተዋደዋል። ታዲያ አንድ ቀን በጎረቤቷ ሳሎን ግድግዳ ላይ የትልቁን ቤተ መቅደስ የአንኮር ዋትን ሥዕል አይታ ተናዳ መጣች። «ድንጋይ እንዲህ አድርጎ የሚጠርብ ሌላም ሰው አለ እንዴ? አላምንም፤ ሄጄ አያለሁ» አለች። እናቴ አያለሁ ካለች ታያለች።

የምሠራበት አየር መንገድ ባዶ ወንበር ሲገኝ የሠራተኛን ወላጅ በነፃ ያሳፍራል። ስለዚህ መንገዱ አላሳሰበኝም። ያሳሰበችኝ እህቴ ትርሲት ናት። ትርሲት ነርስ ናት፤ ከዳላስ ወጣ ብሎ ሳክሲ ውስጥ ቤት ገዝታ ለእናቴ ከነመጋረጃው የተዘጋጀ ክፍል አላት። በዝናብ ቀን እናቴን የአፓርትመንቱ ደረጃ አዳልጧት ጉልበቷ ካበጠ ወዲህ «ወደ እኔ ትምጣ» ማለቷን አልተወችም። ሳክሲ ደህና ሰፈር ነው፣ መኪና ለሚነዳ ሰው። እናቴ ግን አትነዳም። ቪከሪ ሜዶ በእግሯ ገበያ ትወጣለች፣ ስትፈልግ ባቡር ትሳፈራለች፣ በሯን ራሷ ከፍታ ራሷ ትዘጋለች። ሳክሲ ብትገባ ትርሲት ከሥራ እስክትመለስ በመስኮት የጎረቤት ሣር ስታይ ልትውል ነው። የአፓርትመንቱ ሊዝ፣ የኪራይ ውሉ፣ ደግሞ ከጉዞው እንደተመለስን ያልቃል።

ልንነሳ ስንል ትርሲት ኮል አደረገችኝ።

«ሶ እሷን በዚያ ጉልበቷ ተራራ ልታስወጣት ነው?»

«ተራራ አይደለም፣ ቤተ መቅደስ ነው።»

«ደረጃውን ኢንተርኔት ላይ አይቼዋለሁ። ማለቴ፣ የራሷን ደረጃ እንኳ በስንት መከራ ነው የምትወጣው እኮ!»

ንዴቴ መጣ። «ያን ከወጣችስ ትተያታለሽ?»

«ኦኬ። ከወጣች ሊዙን እኔ ራሴ ሪኒው አደርግላታለሁ። ካልወጣች ግን ወደ እኔ ሙቭ ታደርጋለች። ፎቶ አምጣ።»

«ተስማማን» አልኳት። ለእናቴ አልነገርኳትም።

ዳላስ፣ ቶኪዮ፣ ሲየም ሪፕ

ጊዜው ጾመ ነቢያት ነበር። እናቴ ቆሎ፣ ዳቦ ቆሎና ሚጥሚጣ በቦርሳዋ ሞልታ ተሳፈረች። አስተናጋጇ ምሳ ባመጣች ቁጥር ክዳኑን ከፍታ ታይና በትሕትና ትመልሳለች። ቶኪዮ ስንደርስ አውሮፕላን ቀየርን፣ ባንኮክም እንደገና ቀየርን። በመንገድ ብዙ ሰው ዊልቸር አቀረበላት። እሷ ግን በእጇ እንቢ እያለች ነጠላዋን አጣፍታ ታልፋለች፤ እኔ ከኋላዋ የእጅ ሻንጣዎቹን እየጎተትኩ እከተላታለሁ።

ሲየም ሪፕ ትንሽ ከተማ ናት። ቪዛው ሃያ ዶላር ከፍለው እዚያው ኤርፖርቱ ላይ የሚያገኙት ነው። ከበሩ ስንወጣ ሙቀቱ የቴክሳስን ነሐሴ አስታወሰኝ፤ ልዩነቱ የዚህኛው እርጥብ መሆኑ ነው። አስጎብኛችን ሶፋት ቆሞ ይጠብቀን ነበር። ሠላሳዎቹን የጨረሰ፣ ቀጭን፣ ሸሚዙን ጥርት አድርጎ የተኮሰ ሰው ነው። እናቴን እንዳየ ሁለት እጁን አጋጥሞ እጅ ነሳ፤ ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ «ዬይ» እያለ ነው የጠራት። በእነሱ ቋንቋ አያት ማለት ነው።

እራት ላይ ችግር ገጠመን። ሾርባውም ቅጠሉም የዓሣ ውኃ ጠብ ሳይደረግበት አይወጣም፤ ለእናቴ ደግሞ ዓሣ የፍስክ ነው። ሶፋት ብልህ ነው፣ ይዟት ማድ ቤት ገባ። እሷም ከምግብ ሠሪዋ አጠገብ ቆማ ቅጠሉን በነጭ ሽንኩርትና በጨው ብቻ አስጠበሰችው። ገና ያልደረቀ አረንጓዴ ቁንዶ በርበሬ ከነዘለላው ሲጨመርበት ስታይ «ይህንንስ ያውቁበታል» አለች። ከእሷ አፍ ይህ ትልቅ ምስጋና ነው። እኔ ዓሣውን በኮኮናት ወተት በልቼ ቀና ስል አተኩራ እያየችኝ ነበር።

አንኮር ዋት

በማግስቱ ጠዋት ወደ አንኮር ዋት ሄድን። መግቢያው ላይ ፎቶ እያነሱ ቲኬት ያዘጋጃሉ፤ የሦስት ቀኑ አርባ ዶላር ነው። እናቴ ፎቶዋ ያለበትን ወረቀት እንደ መታወቂያ አንገቷ ላይ አንጠለጠለች። አንኮር ዋት ሰፊ ውኃ የከበበው ነው፤ ውኃውን የሚያሻግረው ረጅም የድንጋይ መንገድ ነው። መንገዱ አፍ ላይ ስንደርስ እናቴ ጎንበስ ብላ ጫማዋን አወለቀች።

ሶፋት ደነገጠ። «እዚህ ማውለቅ አያስፈልግም፤ ሁሉም በጫማው ነው የሚገባው። ድንጋዩ ያቃጥላቸዋል» አለኝ። ነገርኳት።

«ውስጥ የሚጸልይ ሰው አለ? ጠይቀው» አለችኝ።

«አለ» አለ ሶፋት።

«እንግዲያው ምን ያጠያይቃል? አምላኩ የኔ አይደለም፤ ደጁ ግን የሰው ደጅ ነው። ፈረንጆቹ ላሊበላ ሲመጡ አውልቁ ስንላቸው ያወልቁ የለም?» ብላ ጫማውን እኔን አስያዘችኝ። ውኃውን እንደተሻገርን ሶፋት መንገዱን ተወት አድርጎ በዳር በዳር፣ ጥላ ጥላውን ይወስዳት ጀመር።

ግድግዳው ከዳር እስከ ዳር ጦርነት፣ ዝሆን፣ ጀልባና ዘፋኝ ሴት ተቀርጾበታል። እናቴ በጣቷ ሳትነካ አንድ በአንድ አየችው። «ይህ ከላይ ወደ ታች የተፈለፈለ አይደለም፣ ተነባብሮ የተሠራ ነው» አለች፣ ትንሽ እፎይ ብላ። ቆይታ ግን «ቢሆንም እጃቸው ይባረክ» ስትል ሰማኋት። የመጨረሻው ፎቅ በጥገና ምክንያት ተዘግቶ ነበር። የትርሲት ፎቶ አመለጠኝ ብዬ አዘንኩ።

ውስጥ፣ ከአንድ ምስል ሥር፣ ፀጉሯን የተላጨች ነጭ ለባሽ መነኩሲት ምንጣፍ ላይ ተቀምጣለች። ለሚመጣው ሰው ሁሉ ቀይ ክር እየመረቀች የእጁ አንጓ ላይ ታስራለች። እናቴን በእጇ ጠራቻት። እናቴ ቀረብ አለች፣ ግን እጇን አልሰጠችም። ከቀሚሷ ውስጥ ጥቁር ማዕተቧን ሳብ አድርጋ አሳየቻት። «እኔ ድሮ ታስሬያለሁ፣ እናቴ» አለቻት በአማርኛ። መነኩሲቷ ማዕተቡን አየች፣ በእጇ ያለውን ክር አየች፣ ጥርስ የሌለው ድዷ እስኪታይ ሳቀች። እናቴም ሳቀች። ከዚያ አጠገቧ ተቀመጠችና ምን እንደሚባባሉ ሳይገባኝ ብዙ ቆዩ። ሶፋት ሰዓቱን አየና ጥግ ፈልጎ ተቀመጠ።

ታ ኬኦ

በሁለተኛው ቀን መጀመሪያ የዛፍ ሥር እንደ ዘንዶ የተጠመጠመበትን ታ ፕሮም አየን። ቀጥሎ ታ ኬኦ ደረስን። ጌጥ የለውም፤ ግዙፍ ድንጋይ በድንጋይ ላይ ተከምሮ ወደ ሰማይ ይወጣል። ሶፋት እንደነገረን መብረቅ ስለመታው ሠሪዎቹ ገዱ ጥሩ አይደለም ብለው ሳይጨርሱት ትተውታል ይባላል። ደረጃው ጠባብና ቀጥ ያለ ነው፤ እያንዳንዱ እርከን የሰው ጉልበት ጋ ይደርሳል።

«ይህን እወጣለሁ» አለች እናቴ።

ለትርሲት ይህም ደረጃ ይበቃታል ብዬ ካሜራዬን አወጣሁ። እሷ በእጇም በእግሯም እየቧጠጠች፣ ባመማት በኩል ቀስ እያለች፣ በየመሐሉ ቁጭ ብላ እየተነፈሰች ወጣች። ሶፋት ከኋላዋ ሆኖ ሳይነካት እጁን ዘርግቶ ይከተላል፤ እኔ ከእሱ ሥር ፎቶ እያነሳሁ እወጣለሁ። ግማሹን አለፈች። ወደ ላይ ስመለከት ጫፉ ቅርብ ነው፣ ልቤ በደስታ ዘለለ።

«በርቺ እማዬ! ትንሽ ነው የቀረሽ! ትርሲት ጉዷ ፈላ!» ብዬ ጮኽኩ።

ቆመች። «ትርሲት እዚህ ምን አገባት?»

ከአፌ አመለጠኝ፤ ከዚያ በኋላ መደበቅ አይቻልም። ሊዙን፣ የሳክሲውን ክፍል፣ ፎቶውን ሁሉንም ነገርኳት። እናቴ ዞር ብላ ድንጋዩ ላይ ተቀመጠችና ከላይ ወደ ታች አየችኝ።

«በኔ ጉልበት ተወራረዳችሁ?»

«ለአንቺ ብዬ ነው፣ ቤትሽን እንዳትለቂ...»

«ለኔ ብለህ እኔን አልጠየቅህም። ላሸንፍላችሁ ነው ለካ የመጣሁት!» አለች። ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። «በገዛ ቤቴ ለመኖር የሰው አገር ደረጃ መውጣት አለብኝ? ማነው ፈታኙ? አንተ ነህ? እሷ ናት?»

«እማዬ፣ ትንሽ እኮ ነው የቀረው...»

«አውቃለሁ። አልወጣም።»

ሶፋት ግራ ገባው። «ዬይ ደከማቸው? ከላይ ያለው እይታ በጣም ያምራል በላቸው» አለኝ።

«ሰማይ ዳላስም አለ በለው» አለች፣ ቁጭ ባለችበት አንድ በአንድ መውረድ እየጀመረች።

መውረዱ ከመውጣቱ ይከፋል። እጄን ስዘረጋላት አልያዘችም፣ የሶፋትን ግን ያዘች። ታች ስንደርስ ቀሚሷን አራግፋ ኮኮናት አዘዘች። የእኔን ሂሳብም እሷው ከፈለች፣ ግን እስከ ማታ አላናገረችኝም። ተናድጄባት ነበር፤ ያን ያህል ወጥታ ጫፉ ሥር ጥላው መውረዷ አንገበገበኝ። እልኸኝነቷ ቤቷን ሊያስነጥቃት ነው ብዬ ስብሰለሰል አደርኩ።

ነገሩ የገባኝ በሦስተኛው ቀን ነው። ባዮን የሚባለው ቤተ መቅደስ ውስጥ፣ ከየማማው ፈገግ ከሚሉት ትልልቅ የድንጋይ ፊቶች ሥር እየዞርን ነበር። እናቴ በፈለገችበት ትቆማለች፣ በፈለገችው በር ትገባለች፣ ሲበቃት ትቀመጣለች። ሶፋት አንዴም «ይችላሉ?» ብሎ አልጠየቀኝም። «ወዴት ይሻላቸዋል?» ነበር የሚለው። እኔና እህቴ በስንት ዓመት ውስጥ አንዴም ያልጠየቅነው ጥያቄ ነው።

መመለሻ

ዳላስ ስንደርስ ከሰዓት በኋላ ነበር። ትርሲት መውጫው ላይ ዊልቸር ይዛ ቆማለች። እናታችንን ሳመቻት፣ ጉልበቷን አየት አደረገች፣ ወደ እኔ ዞረች።

«ሶ? ወጣች?»

እውነቱን ለመናገር ውሸት ምላሴ ላይ ነበር። ጫፍ አካባቢ የተነሳ ፎቶ አለኝ፣ ማን ያውቃል? እናቴ ግን ቀደመችኝ።

«አልወጣሁም።»

ትርሲት ደስ አላላትም፣ እንደማዘን አለች። «ኦኬ፣ እማዬ። ክፍልሽ ሬዲ ነው። ቅዳሜ ዕቃሽን ሙቭ እናደርጋለን።»

«አናደርግም» አለች እናቴ። «ሊዙን ራሴ እፈርማለሁ። የሆነ ቀን ጉልበቴ እምቢ ሲል ራሴ ደውዬ ውሰጂኝ እልሻለሁ። ያን ቀን ደግሞ ደስ ብሎኝ ነው የምመጣው። እስከዚያ በኔ ቤት አትወራረዱ።»

«ግን እማዬ፣ ብትወድቂስ?»

«ብወድቅ የወደቅሁት እኔ ነኝ። ልጄ፣ ገና ካንቺ ጋር መኖር ሳልጀምር አንቺን እንድፈራ አታድርጊኝ፤ አትቸኩዪብኝ።»

ትርሲት ወደ እኔ አየች። እንድረዳት ፈልጋ ነው። «እኔ ውርርዱን ትቼዋለሁ» አልኳት። «እሷ ያለችው ይሁን።» እህቴ ዓይኗ እንባ አቀረረ፣ ዊልቸሩን ግን ባዶውን ገፍታ መለሰችው።

ቪከሪ ሜዶ ስንደርስ እናቴ ቦርሳዋን አንገቷ ላይ አድርጋ፣ የደረጃውን ብረት ይዛ፣ ጎን ለጎን እየረገጠች መውጣት ጀመረች። መሐል ላይ ቆመች። እኔና ትርሲት ሻንጣ ተሸክመን ከሥሯ ቆምን፤ ማናችንም በርቺ አላልንም፣ ማናችንም እንያዝሽ አላልንም። ስትጨርስ ቁልፏን ፈልጋ አወጣች፣ በሯን ከፈተች፣ መብራቱን አበራችና ወደ እኛ ዞረች።

«ግቡ እንጂ» አለችን፤ «እንግዳ ደጅ ላይ አይቆምም።»