ልጄ ማንኩሳ ልትመዘገብ ሄዳ

ባለፈው ሳምንት ሐሙስ ረፋድ ላይ ነው... ፍኖተ ሰላም ካለችው ፀጉር ቤቴ አንዲት ደንበኛዬን ሹሩባ እየሠራሁ ሳለ ጎረቤቴ በሩ ላይ ቆማ «ሕሊና አንቺ ጋር ናት?» አለችኝ።

አልነበረችም። ጠዋት ቤት ትቻት፣ ለጎረቤቴ አደራ ብዬ ነው የወጣሁት።

ሕሊና ልጄ ናት። ስምንት ዓመቷ ነው፤ ዘንድሮ ሦስተኛ ክፍል ትገባለች። ከአባቷ ከዘላለም ጋር ከተለያየን ቆይተናል፤ እሱ ቡሬ ጋራዥ አለው። ምዝገባ ከተጀመረ ወዲህ በስልክ ስንጨቃጨቅ ነው የከረምነው። እሱ ጥሩ የግል ትምህርት ቤት ስላገኘሁ ቡሬ ትማር ይላል። እኔ ደግሞ ቀኑን ሙሉ ጋራዥ እየዋልክ ማን ያበላታል፣ ማን ያስጠናታል እላለሁ። አንቺስ ፀጉር ቤት አይደል የምትውዪው ይለኛል። ሽማግሌ ገብቶበትም አልሆነ። ረቡዕ ዕለት ጭራሽ መጥቼ እወስዳታለሁ ብሎኝ ስልኩን ዘግቼበት ነበር።

ስለዚህ ሌላ ነገር አላሰብኩም። ወሰዳት አልኩ። ደወልኩለትና «ልጄን መልስ» አልኩት።

ከዚያ እንዳልወስዳት ደብቀሻት ነው ብሎ እሱም በተራው ተነሣብኝ። እኔ ወሰድካት፣ እሱ ደበቅሻት... እንዲህ እየተባባልን ስንቱን ደቂቃ እንዳባከንነው እግዜር ይወቀው። መሃል ላይ ድምፁ ተለወጠ።

«በማርያም... እውነት አንቺ ጋር የለችም?»

ያኔ ነው እሱም ጋር እንደሌለች የገባኝ። መንገዱ እንደምታውቁት ነው፤ አንድ ቀን ይከፈታል፣ አንድ ቀን ይዘጋል። ትልቅ ሰው እንኳ የሚወጣው ተሰነባብቶ ነው።

ደንበኛዬን ፀጉሯን ሳልጨርስ ትቻት ወጣሁ። ሱቁን፣ የቤተ ክርስቲያኑን ግቢ፣ የጓደኞቿን ቤት ሁሉ አዳረስኩ። የለችም። መናኸሪያ ስደርስ አንድ ረዳት፣ ቀይ ሹራብ የለበሰች ልጅ ከአንዲት ሴትዮ አጠገብ ተቀምጣ በቡሬ መኪና ሄዳለች አለኝ። ሹራቡ የእሷ ነው። የምን ሴትዮ? አያውቃትም።

ቀጣዩን ሚኒባስ ይዤ ወጣሁ። ዘላለምም ከቡሬ ተነሥቷል፤ ኔትወርኩ ግን ይመጣል፣ ይጠፋል። ኬላ ላይ በቆምን ቁጥር ልቤ አብሮ ይቆማል። ሾፌሩን ቶሎ በል አልለው ነገር፣ እሱ ምን ያድርግ... በመስኮቱ የማየው ሁሉ ማሳ ነው። እኔ ግን እዚያ ውስጥ ቀይ ሹራብ እፈልጋለሁ።

ማንኩሳ ልንገባ ጥቂት ሲቀረን የማላውቀው ቁጥር ደወለ። የሴት ድምፅ ነው። ማንኩሳ ያለ ትምህርት ቤት ርዕሰ መምህርት መሆኗን ነገረችኝና «ልጅዎ እኔ ቢሮ ናት። ደህና ናት፣ ይረጋጉ» አለችኝ።

ስደርስ ዘላለም ቀድሞኛል። እጁን እንኳ ከግሪስ ሳይታጠብ ነው የመጣው። ሕሊና አግዳሚው ላይ ቁጭ ብላ ዳቦ ትበላለች። ልቆጣት እያሰብኩ ነበር የመጣሁት... አቅፌያት ማልቀስ ብቻ ሆነ።

ርዕሰ መምህርቷ እኔንና ዘላለምን ለብቻችን ጠርታ ነገረችን። ልጅቷ ለዘበኛው ልመዘገብ ነው የመጣሁት ብላ፣ የሁለተኛ ክፍል ካርዷን አሳይታ ነው የገባችው፤ የሁለታችንም ስልክ የተገኘው ካርዱ ላይ ነው። አብራት የተሳፈረችው ሴትዮ መንገደኛ ናት፤ እናቴ ማንኩሳ ትጠብቀኛለች ስትላት አምናት ሂሳቧን ከፍላላታለች። እናት ፍኖተ ሰላም፣ አባት ቡሬ መሆናቸውን ስትሰማ ርዕሰ መምህርቷ ግራ ገባት። ታዲያ ለምን እዚህ መጣሽ ብላ ጠየቀቻት።

«መሃል ስለሆነ ነው። ማንም አይናደድም።»

ዘላለም ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ። እኔም መሬት መሬት አየሁ።

ርዕሰ መምህርቷ ቢሮውን ለቀቀችልን። ከተለያየን ወዲህ ፊት ለፊት ተቀምጠን ስናወራ የመጀመሪያችን ነበር። ልጄ ሳታውቀኝ ታድጋለች ብዬ ነው የምፈራው አለኝ። እኔም አንዴ ቡሬ ከገባች መንገዱ ተዘግቶ ወሩን ሙሉ ሳላያት ብቀርስ እያልኩ እንቅልፍ እንደማጣ ነገርኩት። ይኸው ነው... ይህን ያህል ቀላል ነገር በስልክ አንድም ቀን ተባብለነው አናውቅም።

ዘንድሮ እኔ ጋር ትማር ተባባልን። መንገድ በተከፈተ ቁጥር ቅዳሜ ቅዳሜ እሱ ይመጣል፤ ክረምቱን ቡሬ ታሳልፋለች። የትምህርት ቤቱ ነገር ለከርሞ ይታያል፣ አላለቀም ማለት ነው። በማግስቱ ሁለታችንም አጠገቧ ቆመን ፍኖተ ሰላም አስመዘገብናት።

እኔ ግን ልቤ ገና አልተመለሰም። ያቺ ሴትዮ ሌላ ዓይነት ሰው ብትሆንስ? መኪናው ማንኩሳ ሳይደርስ መንገዱ ቢዘጋስ? ፀጉር እየሠራሁ በየመሃሉ ወደ በሩ አያለሁ።

ስንቱ ሽማግሌ ደክሞብን ነበር... አስቀምጣ ያነጋገረችን ግን የፊት ጥርሷ ገና በቅሎ ያላለቀ ሽማግሌ ናት።