ወደ ፊት የተሳበ ወንበር

ሽማግሌው ረጅም ነው። የሸሚዙ ኮሌታ በደንብ ተተኩሷል፤ የእጅጌው ቁልፍ ግን ከወደቀ ቆይቷል። ኦሃዮ ውስጥ ባለ መኪና መሸጫ የምትሠራው ሮንዳ፣ ለሚስቱ መኪና ተገዝቶ የነበረውንና አሁን እሱ የሰረዘውን ተጨማሪ የጥገና ዋስትና ተመላሽ ገንዘብ ታሰላለች።

«የተነዳው አምስት ሺህ ማይል ብቻ?» አለችው።

«ከገበያና ከቤተ ክርስቲያን ሌላ የት ትሄዳለች!»

«ኩባንያው ግን ከማይሉና ከጊዜው ይበልጥ ያለቀውን ነው የሚቆጥረው፤ ጊዜው ደግሞ ሊያልቅ ነው። የሚደርስዎት ሰባ ዶላር ነው፣ አባቴ።»

«ቼኩ በእሷ ስም ይሁን።»

«እንግዲያው እሷ መጥታ ትፈርማለቻ።»

ባርኔጣውን አንስቶ ወጣ። ሮንዳ ቅጹን አየችው፤ «የተሰረዘበት ምክንያት» የሚለው ባዶ ነው። በመስኮት ስትመለከት የሚስቱ መኪና ውስጥ እየገባ ነበር። ወንበሩ እሷ እንደተወችው፣ ለአጭር ሰው ወደ ፊት እንደተሳበ ነው። ጉልበቶቹን እንደ ምንም ከመሪው ሥር ወሸቃቸው፤ ወንበሩን ግን ወደ ኋላ አልገፋውም።