ማኅተሙ ከላይ ነበር

መሬቴን የተነጠቅሁት የሰፈራችን ሽማግሌ «አትሙ» ስላለን ነው። ሌላ ማሳመሪያ የለኝም።

አሁን ቡራዩ፣ አንድ የብሎኬት ማምረቻ በር ላይ ዘበኛ ነኝ። ባለፈው ዓመት አንድ ሹፌር የጭነት ወረቀት ሰጠኝ። የማኅተሙ ቀለም ገና አልደረቀም። ሽታው አፍንጫዬ ሲገባ ቆሜ ቀረሁ።

«ብሮ፣ ወረቀት ነው እንጂ ሽቶ አይደለም! ምን ታሸተዋለህ?» አለኝ።

ያ ሽታ ሰበታ አጠገብ ያለው የሰፈራችን ትምህርት ቤት ግቢ ነው፤ አዲስ አበባ በማስተር ፕላን ወደ ገበሬው መሬት ትሰፋለች የሚለው ወሬ ገበያውን የሞላበት ጊዜ። ጎረምሳ ነበርኩ፤ አባቴ ሞቶ የጤፍ ማሳው ለእኔ ከደረሰ ሁለት ክረምት አልፎ ነበር። ዝናቡ አባርቶ ባሕር ዛፉ ይንጠባጠባል፤ ፀሐይዋ ከቆርቆሮው ላይ ዓይን ታጥበረብራለች። የቀበሌው ሊቀመንበር ከወረዳ ማኅተም ተደርጎበት የመጣ ወረቀት አውጥቶ «ስብሰባው ላይ የተገኘ ሁሉ ይፈርም» አለ።

ማንም አልተንቀሳቀሰም። ሊቀመንበር ከላይ ይሾማል፣ ከላይ ይሻራል። እኛ ያየነው ሽማግሌውን ነው። ድንበር ሲገፋ የሚፈርደው፣ ደም የሚያደርቀው፣ ባልና ሚስት የሚያስታርቀው እሱ ነበር።

ወረቀቱን ተቀበለ። ከጎኑ ቆሜአለሁ። ከንፈሩን እያንቀሳቀሰ ዓይኑን ከዳር እስከ ዳር አመላለሰ። ክቡ ማኅተም ከላይ፣ ከአውራ ጣቱ አጠገብ ይታየኛል።

«ኢጆሌ፣ ልጆቼ፣ ጉዳት የለውም። ‹መጥተናል› ነው የሚለው። አትሙ» አለ።

ጣታችንን የማኅተሙ ቀለም ውስጥ እየነከርን አተምን።

«ለመልቀቅ ተስማምተናል» ነበር የሚለው። ይህን ያወቅነው ግሬደር ማሳችን ላይ ሲቆም ነው።

ከዚያ ተቃውሞ ተነሣ፤ መንገድ ተዘጋ፣ ጎማ ነደደ፣ በዓለም ገና በኩል ተኩስ ተሰማ። እኛ ወደ ሽማግሌው ቤት ሄድን። እርጥብ ሳር በእጁ ይዞ ወጣ። በእኛ አገር ሳር ይዞ ለሚለምን ሰው ይቆምለታል። እኔ አልቆምኩም።

«አንተ ሻጭ! ከሊቀመንበሩ ጋር ተማክረህ ሸጥከን!» አልኩት።

አንቱ ማለት የተውኩት ያን ቀን ነው። የጭድ ክምሩን የለኮስኩትም እኔ ነኝ። አንድ ቃል አልመለሰም። ጭዱ ሲንጣጣ ቆሞ አየ። ከዚያ ወዲያ ለእርቅ የጠራው ሰው የለም።

ፊደል የቆጠርኩት ከዚህ ሁሉ በኋላ፣ የበር መዝገብ ካልያዝክ አትቀጠርም ስባል ነው። ያን ዕለት የሹፌሩን ወረቀት ሳየው ማኅተሙ ከታች ነው፣ ከፊርማው አጠገብ። ሁልጊዜም ከታች ነው። ስንት ወረቀት በእጄ ሲያልፍ ልብ አላልኩትም ነበር። ሽማግሌው ያን ወረቀት ዘቅዝቆ ነው የያዘው። ፊደል አያውቅም።

ፈቃድ ጠይቄ ወደ ሰበታ ሄድኩ። ሽማግሌው የቤቱን ግድግዳ ተደግፎ ፀሐይ ይሞቃል። ከስቷል።

«ኦቦ፣ ያን ዕለት ወረቀቱን ዘቅዝቀህ ነበር የያዝከው» አልኩት።

«ማን ነገረህ?» አለ።

«ማኅተሙ።»

«አሃ! ተምረህ መጣህብኛ!» ብሎ ሳቀ። ሳቁ ሳል ሆነ።

«ታዲያ ሻጭ ስንልህ ለምን ዝም አልክ?»

«ሻጭ እኮ አውቆ ነው የሚሸጠው» አለ። «አያውቅም ከምትሉኝ ሻጭ በሉኝ።»

ልሰድበው ነበር የሄድኩት። አጠገቡ ተቀመጥኩ። እሱ ግራ ቀኙን አየና ከጋቢው ሥር አራት ቦታ የታጠፈ ወረቀት አወጣ።

«በል፣ ይቺን እይልኝ።»

የልጅ ልጆቹ ሁሉ ተማሪዎች ናቸው። አንዳቸውንም አልጠየቀም።

የሆስፒታል ቀጠሮ ነው፣ ለሳንባው። ቀኑ ካለፈ አምስት ወር ሆኖታል።

«ምን ይላል?»

«ነገ ና ነው የሚለው» አልኩት።

በማግስቱ ባጃጅ ይዤ መጣሁ። ሲወጣ ትከሻዬን ያዘ፤ እጁ ቀሎኛል። ሐኪሙ ወረቀቱን አይቶ እኔን አየኝና «እስከዛሬ የት ነበራችሁ?» አለ። እኔ ነኝ የረሳሁት አልኩ። ሽማግሌው ቀና ብሎ ጣሪያውን ያያል።

መሬቱ ላይ መጋዘን ቆሟል፤ የሚመልሰው የለም። በእኔና በእሱ መካከል ያለው ቂም ግን ያን ቀን አለቀ፤ የሚያዝያ ጊዮርጊስ ማግስት፣ ሐሙስ።